ፖላንድ የሠለጠነ መቀስ

የእኛ ሰው የሠርግ ቪዲዮ የሚከፍተው ሠርጉን ለማየት ይመስላችኋል? ተሳስታችኋል። ራሱን ፍለጋ ነው። ሙሽሮቹ ቀለበት ሲያጠልቁ «አለፍ አድርገው» ይላል። ቄሱ ሲመክሩ «ፎርዋርድ አድርገው» ይላል። እሱ ራሱ ሳህን ይዞ ክትፎው ፊት የቆመበት ቦታ ሲደርስ ግን ድምፁ ይለወጣል፤ «ስቶፕ! ስቶፕ! ትንሽ መልሰው!» ከዚያ ልጆቹን ይጠራል። ልጆቹ መጥተው ያዩና «ዳድ፣ ዩ አር ጀስት ኢቲንግ» ብለው ወደ ክፍላቸው ይመለሳሉ። እሱ ግን ደግሞ ደጋግሞ ያየዋል።

ስለዚህ በእኛ ዘንድ ጥሩ የሠርግ ቪዲዮ ማለት አንድም ሰው ያልቀረበት ቪዲዮ ነው። ርዝመቱን አትጠይቁኝ። ስሎው ሞሽን የሚባል በረከት ስላለ፣ ከሠርጉ የሚረዝም የሠርግ ቪዲዮ ሠርቼ አስረክቤ አውቃለሁ። ማንም አላማረረም። ማንም እስከ መጨረሻው አላየውማ!

እኔ ሳሚ እባላለሁ። ከሰኞ እስከ ዓርብ ካሊፎርኒያ፣ ከኦክላንድ ወረድ ብላ ባለችው ኒውአርክ አንድ መጋዘን ውስጥ ፎርክሊፍት እነዳለሁ። ቅዳሜ ሲመጣ ግን ጥቁር ሸሚዝ ለብሼ፣ ካሜራ ይዤ፣ «እባካችሁ ከፊቴ ዞር በሉ» የማለት ሥልጣን ያለኝ ሰው እሆናለሁ። ይህን ሥልጣን አንዴ የቀመሰ ሰው በቀላሉ አይተወውም። ለካህን ሳይቀር «አባ፣ ትንሽ ወደ ግራ» ብዬ አውቃለሁ፤ ደግሞም ተጠግተውልኛል።

ታዲያ ባለፈው ሰመር የሜሮንን ሠርግ ቀረጽኩ።

ሜሮን የእትዬ አስካለ ልጅ ናት። እትዬ አስካለን ኦክላንድ ውስጥ የማያውቅ አበሻ ካለ ገና ትናንት የመጣ ነው። ልጃቸውን በእጃቸው ይዘው መጥተው፣ ቀን አንድ ሥራ ማታ ሌላ ሥራ እየሠሩ ብቻቸውን ያሳደጉ ቆፍጣና ሴት ናቸው። ባላቸው አቶ በላይነህ አዲስ አበባ ቀሩ፤ በኋላም በሰላም ተፋቱ። ያለ ጠብ ነበር ይባላል። ለጠብ ሁለት ተናጋሪ ያስፈልጋል፣ አቶ በላይነህ ደግሞ አይናገሩም። ዕድሜያቸውን ሙሉ ጂኦግራፊ ያስተማሩ፣ ዓይናፋር ሰው ናቸው። እትዬ አስካለ ሲያወሩ እንደሰማሁት «ሰውየው ቤት ውስጥ መኖሩን የማውቀው ሬዲዮው ሲከፈት ነበር።»

እኚህ አባት ለሠርጉ ቪዛ አግኝተው መጡ። ልጃቸውን ሕፃን ሆና ሸኝተው ሙሽራ ሆና ሊያገኟት ማለት ነው። ስለዚህ ሜሮን ከእናቷ ቤት ስትወጣ አባቷ እንዲመርቋት ተወሰነ። ከሠርጉ በፊት ሜሮን ኮል አደረገችልኝና፣ «ሳሚ፣ የቀረውን ሁሉ ብታበላሸው ችግር የለም። የአባዬን ምርቃት ግን ፕሊስ እንዳታመልጥህ» አለችኝ። እኔም ባለሙያ እንደሚስቀው ሳቅኩ።

ካሜራዬ አዲስ ነበር። አንዲት ቁልፍ አለችው፤ አንዴ ሲጫኗት መቅረጽ ትጀምራለች፣ ደግመው ሲጫኗት ታቆማለች። ቀላል ነው አይደል? ገና ከመኪና ስወርድ ግን በክርኔ ነክቻት ኖሯል። ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ እኔ ስጀምር እሷ ታቆማለች፣ እኔ ሳቆም እሷ ትጀምራለች። እንዲህ ሆነው ተዋደው የሚኖሩ ባልና ሚስት አውቃለሁ፤ ለካሜራና ለካሜራ ሰው ግን አይሆንም።

በሳምንቱ እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ኮምፒውተሬን ከፍቼ ቁጭ አልኩ። ምን ባይ ጥሩ ነው? ምንጣፍ። የሣር ሜዳ። የሙሽራዋ ቀሚስ ጫፍ። የማላውቀው ሰው ክርን። ጫማ፣ ጫማ፣ ጫማ። እና ከታች ወደ ላይ ሲታይ የራሴ ቦርጭ። እንዲህ በጥራት አይቼው አላውቅም ነበር። ካሜራውን እጄ ላይ አንጠልጥዬ ስዞርና ስጎርስ የነበረውን ሁሉ ልቅም አድርጎ ይዞታል። ቤተ ክርስቲያኑንና አዳራሹን በሌላ ካሜራ ስለቀረጽኩ ደህና ነው። ተንበርክኬ፣ ትንፋሼን ይዤ የቀረጽኩት የአቶ በላይነህ ምርቃት ግን አንዲት ምስል እንኳ የለውም። እሳቸው ደግሞ ሐሙስ ዕለት ተሸኝተው አዲስ አበባ ገብተዋል። ምን ልበል? «አባባ፣ አንዴ ይመለሱና ይድገሙልኝ» ልበል?

ስልኬ ጮኸ። እትዬ አስካለ ናቸው። ኤዲቱ ከምን ደረሰ ብለው ነው። «በጣም ጥሩ እየሄደ ነው» አልኳቸው። ይህን ስል የራሴ ቦርጭ እስክሪኑን ሞልቶ ያየኛል።

እውነቱን የነገርኩት ለሙሽራው ለዮናታን ብቻ ነው። ልጁ ጨዋ ነው፤ አልጮኸብኝም። ሳን ሆዜ አብራው የምትሠራ ኤቫ የምትባል ልጅ እንዳለች፣ አባቷ አበሻ እናቷ ፖላንዳዊት እንደሆኑ፣ አባትየው ፖላንድ አገር ዕድሜ ልካቸውን ፊልም ሲቆርጡ ኖረው ጡረታ እንደወጡ ነገረኝ። «ትራይ አድርገው» አለኝ። ድምፁ ውስጥ ተስፋ አልነበረም።

ከኦክላንድ ሳን ሆዜ 880 የሚባለውን አውራ ጎዳና ይዞ የነዳ ሰው ስለ ሕይወቱ ለማሰብ በቂ ጊዜ ያገኛል። መንገዱ አጋማሽ ላይ ፍሪሞንት ስደርስ ሙያውን ልተው ወስኜ ነበር። የኤቫ አባት ጋሽ መኮንን በሩን ሲከፍቱልኝ ረጅም፣ ቀጭን፣ ሱሪያቸውን በማንጠልጠያ የያዙ ሽማግሌ ሆነው አገኘኋቸው። ቀይ ሥር ሾርባ አቀረቡልኝ። በርበሬ ጣል አድርገውበታል። አማርኛቸው አንድም እንግሊዝኛ የለበትም፤ ከአገር ሲወጡ እንደነበረ ታጥፎ የተቀመጠ ሙሉ ልብስ ይመስላል። እኔ «ፉቴጁ ሚስ አደረገ» ስል እሳቸው «ምስሉ ጎደለ ማለትህ ነው» እያሉ ያርሙኛል። ሥራውን ከማየታቸው በፊት፣ እኔም ሳልጠይቃቸው፣ ወደ ሙያው እንዴት እንደገቡ አወሩልኝ።

መንግሥት የላካቸው የጨርቃ ጨርቅ ምህንድስና እንዲማሩ ነበር። የደረሱበት ከተማ ሎድዝ ተብሎ ይጻፍና ዉጅ ተብሎ ይነበባል፤ ትርጉሙ ጀልባ ነው፤ ጀልባ የሚያንሳፍፍ ወንዝ ግን የለውም። «እንዲህ ያለ ከተማ ውስጥ የመጣህበትን ነገር ትተህ ሌላ ብትሆን ማን ይፈርድብሃል?» አሉኝ።

አንድ ቀን የፊልም ሰዎች ወደ ግቢያቸው መጥተው ጥቁር ሰው ፈለጉ። «መረጡኝ ማለት አይቻልም፤ አገኙኝ» አሉ ጋሽ መኮንን። ጥሩምባ አስያዟቸውና አንድ መጠጥ ቤት ውስጥ ከምትዘፍን ሴት ጀርባ አቆሟቸው። እንዳይነፉ በጥብቅ ተነገራቸው። እሳቸውም ለእናታቸው «የፊልም ተዋናይ ሆኛለሁ» ብለው ጻፉ። ፊልሙ ሲወጣ የማደሪያውን ተማሪ በሙሉ ይዘው ሲኒማ ቤት ገቡ። መጠጥ ቤቱ መጣ። ዘፋኟም መጣች። ጥሩምባ ግን የለም። ጥሩምባ የያዘ ሰውም የለም። ጓደኞቻቸው እስከ መጨረሻው ድረስ «አሁን ትመጣለህ» እያሉ አጽናኗቸው።

በማግስቱ ተናደው ወደ ስቱዲዮው ሄዱ። ፊልሙ የሚቆረጥበት ክፍል ውስጥ ያገኙት አንዲት ሴትዮ ነው፤ ፓኒ ቫንዳ ትባላለች። ፓኒ እንደ እኛ ወይዘሮ ነው። ነጭ ጓንት አድርጋለች፤ ፊልሙ እሳት ስለሚፈራ ያልተለኮሰ ሲጋራ ከንፈሯ ላይ ይዛለች። ይቅርታ አልጠየቀችም። ወንበር ስባ አስቀመጠቻቸውና ሁለቱንም አሳየቻቸው፤ እሳቸው ያሉበትንና የሌሉበትን።

«እኔ ባለሁበት» አሉኝ፣ «ሰው ሁሉ የሚያየው እኔን ነው። ይኼ ረጅም ሰውዬ መቼ ይሆን የሚነፋው እያለ ይጠብቃል። ዘፋኟ ግን በዚያች ቅጽበት ፍቅረኛዋን እየዋሸችው ነው። እኔ በሌለሁበት ውሸቷ ፊቷ ላይ ይታያል። እና ያለእኔ ይሻላል። አየህ፣ ለሰው ልጅ ይህን ማየት ከባድ ነው። እኔን ግን ደስ አለኝ። ‹ልክ ነሽ፣ ቁረጪኝ› አልኳት። እሷም ‹ቆርጬሃለሁ እኮ፤ በል ጓንት አድርግና ና› አለችኝ።»

እንዲህ ሆነው ገቡ። ለዓመታት ፊልም እየለዩ ሲሰቅሉ፣ ሲያጣብቁ፣ ሲያቀብሉ ኖሩ። ከዚያ የራሳቸውን ፊልሞች መቁረጥ ጀመሩ። ፖላንዳዊት አገቡ፤ ኤቫ ተወለደች። ስማቸው በፊልሞቹ መጨረሻ ላይ አንዴ ማኮነን፣ አንዴ ማካኖን፣ አንዴም መኮኔንስኪ ተብሎ ወጥቷል። መኮኔንስኪን ወደውታል። በሳንሱሩ ጊዜ ደግሞ ሌላ ብልሃት ተማሩ። ሳንሱር ምንም ሳይቆርጥ ወደ ቤቱ መሄድ አይወድም፤ የሚቆረጥ ካጣ ደህናውን ይቆርጣል። ስለዚህ ሆን ብለው የሚቆረጥ ነገር ያስቀምጡለት ነበር፤ ለምሳሌ የሰከረ ፖሊስ። ሳንሱሩ ፖሊሱን ቆርጦ ደስ ብሎት ይሄዳል፤ ፊልሙ ይተርፋል። በኋላ ሳንሱሩ ቀረና ማስታወቂያ መጣ። መቀሱ ቀረና ኮምፒውተር መጣ። በመጨረሻም የቴሌቪዥን ድራማ ሲቆርጡ ቆይተው ጡረታ ወጡ። ባለቤታቸው ሲያርፉ ኤቫ ወደ ሳን ሆዜ አመጣቻቸው። «እዚህ የሚቆረጥ ነገር ሣር ብቻ ነው» አሉና ወደ እኔ ዞሩ። «ድምፅስ አለህ?»

ያን ጊዜ ነው ትዝ ያለኝ! ዮናታን ደረት ላይ የሰካኋት ማይክ ነበረች። ከፈትናት። መጀመሪያ የሙሽራው ልብ ሲመታ ይሰማል። ከዚያ «ውሃ አለ?» ይላል። ከዚያ አቶ በላይነህ ጀመሩ።

ኧረ እንዴት አድርጌ ልንገራችሁ! እንግዶቹን አመሰገኑ። ደግመው አመሰገኑ። ከዚያ ስለ ቅቤ ተነሳ። ለሠርጉ ብለው ከአዲስ አበባ ያመጡትን ቅቤ ኤርፖርት ላይ ወሰዱባቸው። ቅቤው የየት አገር ቅቤ እንደሆነ፣ የአገሩ ከፍታና የዝናብ መጠን ምን ያህል እንደሆነ፣ ፍራንክፈርት ላይ አውሮፕላን ሲለውጡ ቅቤው ገና አብሯቸው እንደነበረ አስረዱ። ሳሉ። ስለ ሻንጣቸው ተናገሩ። በመሃል የሆነ ነገር ብለው ወደ ቅቤው ተመለሱ። ከኋላ ሰው ሲያወራ ይሰማል፤ አንዷ ሹፌሩን ትጣራለች፤ ሌላዋ እንዲያበቁ ብላ እልል ትላለች። እሳቸው ግን ቀጠሉ።

በቃ፣ አለቀልን አልኩ። ጋሽ መኮንን ዓይናቸውን ጨፍነው እስከ መጨረሻው ሰሙ። ከዚያ «ሰውየው የሚናገረው ነገር አለው» አሉ። «ከቅቤው ሥር ነው ያለው።»

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቅዳሜና እሑዴ ሳን ሆዜ ሆነ። ያመጣሁትን ቆሻሻ ምስል ሁሉ አንድ በአንድ አዩት። እኔ «ይኼማ ጫማ ነው» ስል፣ እሳቸው «የማን ጫማ?» ይላሉ። ለካ ከምርቃቱ ትንሽ ቀደም ብሎ አቶ በላይነህ ተራቸውን ሲጠብቁ ካሜራው እግራቸውን ይዞታል፤ አዲስ ጫማ፣ ጠበብ ያለ፣ ሰሌዳ ፊት እንደተጠራ ተማሪ አንዱ እግር ሌላውን ረግጦ የቆመ። እጃቸውም አለ፤ ባርኔጣ ያሽከረክራል። ከምርቃቱ በኋላ ደግሞ የሜሮን ቀሚስ ጫፍ ወደዚያ ጫማ ሲጠጋ አለ። የእትዬ አስካለ እጅም ነጠላውን ሲጨብጥ አለ። ይህን ሁሉ የቀረጽኩት እኔ ነኝ፤ በዓይኔ ግን አላየሁትም።

አንዴ ብልጥ ልሁን ብዬ፣ አቶ በላይነህ ስለ ፍራንክፈርት ቡና ሲያወሩ «እወዳለሁ» ስላሉ ቃሏን ወስደን ከሜሮን ስም አጠገብ ብንለጥፋት አልኳቸው። ጋሽ መኮንን መነጽራቸውን አወለቁ። «ያላለውን አላስብለውም» አሉኝ። «ካለው ላይ ያላስፈለገውን አነሳለታለሁ። እንጀራዬ ይቺ ልዩነት ነበረች።» ተሸማቀቅኩ። ሾርባውን ቀጠልኩ።

ሲያልቅ ከምርቃቱ የቀረው ይኼ ነበር። «ልጄ፣ ስትሄጂ ቁመትሽ እዚህ ነበር፤ ወገቤ ላይ። አሁን ቀና ብዬ ነው የማይሽ። በመሃል ያለውን አላየሁትም። ያሳደገችሽ እናትሽ ናት። አመስግኛት አላውቅም፤ እንዴት እንደሚባል ሳስብ ጊዜው ሄደ። ሰው ልጅ ሲሸኝ ልጁን ብቻ አይመርቅም፤ ያሳደገውንም ይመርቃል። አስካለ፣ ዕድሜ ይስጥሽ። ልጄ፣ አንቺን ደግሞ እንደ እሷ ያድርግሽ።» ሁሉም የራሳቸው ቃል ነው። በቅቤውና በሻንጣው መካከል ተበታትኖ የነበረ ነው። በዕለቱ ማንም አልሰማውም። እኔ ራሴ ፊታቸው ተንበርክኬ አልሰማሁትም።

ቀጥሎ እትዬ አስካለን ማሳየት ነው። ጋሽ መኮንን ሁኔታቸውን ከእኔ ስለሰሙ «ሳንሱር ናቸው» ብለው ፈረዱና የሚቆረጥ ነገር እናስቀምጥላቸው አሉ። እትዬ አስካለ ጭልፋ ይዘው ምግብ አቅራቢዎቹን ሲቆጡ የሚያሳይ ቦታ መርጠን መሃል ላይ ሰካነው። ይቆጣሉ፣ «አውጣልኝ» ይላሉ፣ የምስሉን ጉድለት ይረሱታል። ዕቅዱ ይኼ ነበር።

ኦክላንድ ቤታቸው ሄደን ከፈትንላቸው። ጭልፋው ሲመጣ ሁለታችንም ትንፋሻችንን ያዝን። እትዬ አስካለ ፊታቸው በራ። «ይቺን እንዳትነካብኝ! ሥራ እንደማልፈራ የምታሳይ እሷ ብቻ ናት» አሉ። ከዚያ የሙሽራውን አክስት ከፊልሙ በሙሉ እንድናወጣ አዘዙ። ጋሽ መኮንን ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው በሥራ ዘመናቸው እንዲህ ያለ ሳንሱር እንዳልገጠማቸው ነገሩኝ።

ምርቃቱ መጣ። ጫማው ታየ። ባርኔጣው ዞረ። «አስካለ፣ ዕድሜ ይስጥሽ» አለ ድምፁ። ፊልሙ ቀጠለ፤ እትዬ አስካለ ግን እዚያው ቀርተዋል።

«ይኼን መቼ ነው ያለው?» አሉ።

«እርስዎም እዚያው ቆመው ነበር» አልኳቸው።

«እኔማ ሹፌሩን እየተጣራሁ ነበር። ስለ ቅቤው የሚያወራ መስሎኝ።» ነጠላቸውን ወደ ዓይናቸው ወሰዱ። «እስቲ ድገመው።»

ደገምኩት። ሦስተኛም ጠየቁ። ከዚያ በቁጣ፣ «እንዲህ መናገር ይችል ከነበረ ያን ሁሉ ዓመት ሬዲዮ የሚያስከፍተን ምን ሆኖ ነው?» አሉ። የሰውየው ፊት የት ሄደ ብለው አልጠየቁም። ሜሮንም አልጠየቀችም። አይታው ኮል ስታደርግልኝ «ሳሚ…» ብላ ማልቀስ ጀመረች። አብሬ አለቀስኩ። ባለሙያ እንደሚያለቅሰው አይደለም።

ሌላው ሕዝብ ግን አለቀሰልኝ እንዳይመስላችሁ። ፊልሙ አጭር ነው፤ ከእንግዳው የሚበልጠው የለበትም። ቤተ ክርስቲያን በር ላይ «እኔን ቆረጥከኝ አይደል?» ያላለኝ የለም። «እኔ አይደለሁም፣ ፖላንድ ነው የቆረጠህ» እያልኩ አለፍኩ።

ጉዱ የመጣው ግን ከወዲያ ነው። ፊልሙ በቴሌግራም አዲስ አበባ ደረሰ። አቶ በላይነህ በሰፈራቸው አንደበተ ርቱዕ ተባሉ። ሰው ልጁን ሲድር «እሳቸው ካልመረቁልኝ» ማለት ጀመረ። ሄዱ፣ ቆሙ፣ ጀመሩ፤ ከአገሩ የዝናብ መጠን ተነስተው ጠላው እስኪሞቅ ተናገሩ። ሰው ቅር አለው። አንዱማ ፊት ለፊት «የአሜሪካው ይሻል ነበር» አላቸው።

ተጨንቀው፣ ቁጥሩን ከሜሮን ተቀብለው ሳን ሆዜ ደወሉ። ጋሽ መኮንን ምክር ሰጡ። «መጀመሪያ የመጣልዎትን አይናገሩ። ሁለተኛ የመጣልዎትንም አይናገሩ። ሦስተኛውን ብቻ ተናግረው ይቀመጡ።»

ሜሮን እንደነገረችኝ፣ በሚቀጥለው ሠርግ አቶ በላይነህ ተነሱ። የመጀመሪያው መጣላቸው፤ ዋጡት። ሁለተኛው መጣ፤ ዋጡት። አዳራሹ ጸጥ እንዳለ ሴቶቹ ከወዲሁ ማልቀስ ጀመሩ። ሰውየው ቀና ብለው «ልጆቼ፣ ወጡ እየቀዘቀዘ ነው» አሉና ቁጭ አሉ። እልልታው ቀለጠ። እንዲህ ያለ ምርቃት ሰምተን አናውቅም ተባለ። አሁን የጥር ቅዳሜና እሑዳቸው በሙሉ ተይዟል።

ዜናውን ለጋሽ መኮንን ላደርስ እየሮጥኩ ሄድኩ። በጥሞና ሰሙኝ። ትንሽ አሰቡ። ራሳቸውን ነቀነቁና፣

«‹ልጆቼ› የምትለዋም ባትኖር ይሻል ነበር» አሉ።